ከባቡሩ መስኮት ጀርባ ያልኩት

ኤፕሪል 28፣ 1913

የእናቴ ልጅ ነኝና አፌን መግታት አልሆነልኝም። ባለፈው ክረምት ሁለት ሥራ ያሳጣኝ ይኸው አፌ ነው። ስለዚህ ስድቤን የማራግፍበት ብዬ ይህን ደብተር ገዛሁ፤ ወረቀት አያኮርፍም።

ዛሬ ዲሬክተራችን ሴየርሰን የበጋውን ፊልም ሚና አከፋፈለን። ታሪኩ ያው ነው፦ የባለርስት ልጅ የአባቷን ባልደራስ ትወዳለች፣ አባት ያባርራል፣ ሕዝብ ያለቅሳል። የባለርስቱ ልጅ እኔ ነኝ። እኔ! የዓሣ ሻጯ የቦለቴ ልጅ፣ እስከ አሥራ ስምንት ዓመቴ ጋመል ስትራንድ ዓሣ ገበያ፣ ቦዩ ዳር ተቀምጬ የዓሣ ሆድ ስቀድ የኖርኩት። ባልደራሱስ ማን ቢሆን ጥሩ ነው? ፕሬበን ስቴንስጎር። እውነተኛው የባለርስት ልጅ። አባቱ "የእኔ ልጅ ፊቱን ተቀብቶ ለሰው አይጫወትም" ብሎ ከቤት አባሮታል፤ ኩራቱን ግን አላስጣለውም።

ስንተዋወቅ እጄን ጨበጠና የዓሣ ቢላዋ የተወብኝን ጠባሳ አየ። ምሳ ላይ ደግሞ ሰው ሁሉ እየሰማ፣ "ወይዘሪት ዳግኒ፣ የባላባት ልጅ ሾርባ ስትጠጣ ማንኪያውን ወደ ውጭ ነው የምትገፋው" አለኝ።

"እርስዎ ደግሞ አካፋ ሲይዙ የሙሽራ እጅ የያዙ ነው የሚመስሉት" አልኩት።

ሰው ሳቀ። እሱ አልሳቀም። እንዲህ ፈጥኜ ሰው ጠልቼ አላውቅም።

ሜይ 6

የመጀመሪያው የፍቅር ትዕይንት ዛሬ ነበር። ፊልም ድምፅ አይቀዳም፤ ስለዚህ ፊትህ ይውደድ እንጂ አፍህ ያሻውን ቢል የሚጠይቅህ የለም። ሌሎቹ ተዋንያን ሲሳሳሙ ስለ ጥርስ ሕመማቸው ነው የሚያወሩት።

ፕሬበን ተንበረከከ፣ እጄን ይዞ ቀና ብሎ አየኝ፤ ዓይኑ እንባ አቀረረ። ከዚያም በዚያ ለስላሳ ድምፁ፣ "የጨው ዓሣ ይሸታሉ፣ ወይዘሪት" አለኝ።

እኔም ፀጉሩን እየዳበስኩ፣ "አንተ ደግሞ የሞተች አያትህን ቁም ሳጥን ትሸታለህ" አልኩት። "አንቱ" የሚባለውን አንተ አልኩት። አንጀቴ ቅቤ ጠጣ።

ሴየርሰን ከካሜራው ኋላ፣ "ወይ ፍቅር! ወይ ፍቅር! እንዳትነቃነቁ!" እያለ ይጮሃል። ምስኪን።

ማታ ለእህቴ ለሲግኔ ነገርኳት። ሲግኔ በአራት ዓመቷ ትኩሳት ጆሮዋን ከወሰደባት ወዲህ የምትሰማው በዓይኗ ነው፤ ፊት ለፊቷ የሚናገር ሰው ከንፈሩን ታነባለች። መናገሩንም ትምህርት ቤት አስተምረዋታል፣ ድምፅዋ ግን ልክ የለውም፤ ጎረቤት ሁሉ ይሰማታል። ሆዷን ይዛ ሳቀችና፣ "ዛሬ ስለ እሱ አራት ጊዜ አወራሽኝ!" ብላ ጮኸች።

ስጠላው ነዋ። ሰው ስለሚጠላው አያወራም እንዴ?

ሜይ 20

ደመና። የምንሠራው በመስታወት ቤት ስለሆነ ፀሐይ ከሌለች ሥራ የለም፤ ቀለማችንን ተቀብተን ሰማይ ስናይ ዋልን። እሱ ጋዜጣውን ዘርግቶ አንድ ቃል ሳይተነፍስልኝ ዋለ። ሦስት ስድብ አዘጋጅቼ ነበር። ከንቱ ቀሩ። ተናድጃለሁ፣ ምክንያቱን ግን እንጃ። ሙቀቱ ይሆናል። ሙቀት ግን አልነበረም።

ጁን 4

ደመና ስለነበር እናቴን ላግዝ ወደ ገበያ ወረድኩ። ረፋዱ ላይ ነጭ ባርኔጣ፣ ነጭ ሱሪ፣ ነጭ ጫማ ያደረገ ሰው መጣ። ፕሬበን ነው! መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ በወደድኩ።

እናቴ ማንነቱን አታውቅም። "ዞር በል የኔ ልጅ፣ ዓሣ ይነካሃል! ለቅሶ ቤት ነው ወይስ ሠርግ የምትሄደው?" አለችው።

"ዓሣ ልገዛ ነው፣ እማማ።"

"እማማ! ስንት ዓመቴ መሰለህ? ያንን ጠፍጣፋውን ውሰድ፤ ካንተ ይልቅ እሱ ደም አለው።"

"እሺ። ሆዱን ወይዘሪቷ ትቅደድልኝ።"

ቀደድኩለት። ሆን ብዬ ሱሪው ላይ ረጨሁበት። ቁልቁል አየና፣ "ግድ የለም፣ እኔ እኮ ባልደራስ ነኝ" አለ። እናቴ ሳቅ አፈናት። ዓሣውን በወረቀት ጠቅልላ ሰጠችው፣ ዋጋውንም እጥፍ አስከፈለችው፤ ሳይከራከር ከፍሎ ሄደ።

ሲርቅ፣ "ይሄ ልጅ ለዓሣ አልመጣም። ድልድዩ ላይ ለድመት ሲሰጠው አየሁት" አለችኝ።

እኔም አውቃለሁ ለዓሣ እንዳልመጣ። ድሃ ሲሠራ ለማየት ነው የመጣው። የአራዊት ግቢ መሰልነው። ያን ሱሪ ስንት ጊዜ ቢያጥቡት እድፉ ይለቅ ይሆን? ምን አገባኝ።

ጁን 17

የፕሬበን እናት መጣች። ሐር ለብሳ፣ እጀታ ባለው መነጽር እያየች፣ የመስታወት ቤታችንን እንደ በግ ጋጣ ዞረችው። እኔ ከልብስ መቀየሪያው መጋረጃ ጀርባ ነበርኩ። የሚያወሩት ሁሉ ይሰማኛል።

"ያቺ ናት የባላባት ልጅ የምትሆነው? እጇን አይተኸዋል? ምን አለ ጓንት ቢያለብሷት።"

እሱ ባርኔጣውን አገላበጠ።

"አባትህ ልቡ ራርቷል። እስከ ሴፕቴምበር መጨረሻው የሚካኤል በዓል ይህን ቅሌት ትተህ ከመጣህ ርስቱ ያንተ ነው፤ የጎረቤታችን ልጅ ሉዊዛም ያንተ ናት። ካልመጣህ ግን ለወንድምህ ይጽፈዋል።"

"አስብበታለሁ እማዬ።"

ስለ እጄ አንድ ቃል አልመለሰላትም። አንድ ቃል! እኔን ለመስደብ ሲሆን ግን አንደበቱ ርቱዕ ነው።

ጁን 18

ከሸራው ቤተ መንግሥት ጀርባ ጠብቆ ያዘኝ። ቀለሙ በላብ ወርዶ አንገቱ ላይ ደርቋል።

"እናቴ ያለችውን ሰምተሻል፤ እግርሽ ከመጋረጃው ሥር ይታይ ነበር" አለኝ። አንቺ አለኝ! "ርስቱም ሉዊዛም አያስፈልጉኝም። ብቻ የምቀርበትን ምክንያት ስጪኝ። እስከ ሚካኤል አንድ ቃል በይኝና እቀራለሁ።"

"እናትህ እጄን ስታዋርደው ያንተ አንድ ቃል የት ነበር?"

"ፈራሁ" አለ።

"እንግዲያው ፍራ። ድሃ ላይ መቀለድ ካማረህም ገበያው ሰፊ ነው።"

ፊቱ አመድ መሰለ። አበጀሁ! እንዲህ ያለ ሰው ገንዘቡ ሲያልቅበት ወደ አባቱ ርስት ይመለሳል፤ እኔ ወዴት እመለሳለሁ? ወደ ዓሣ ሆድ። ለበጋ ጨዋታ ልቡን የሚሰጥ ባላባት ሞልቷል፤ ሠፈራችን ውስጥ አባት የሌላቸው ልጆች ይመስክሩ። ደግ አደረግሁ።

ከዚያ በኋላ ቀለሜ ስለተበላሸ ሁለት ጊዜ ደግመው ቀቡኝ። አቧራ ዓይኔ ገብቶ ነው።

ጁን 30

ቸኩያለሁ። የአትክልቱ ቦታ መሳሳም፣ ስድስት ጊዜ ደገምነው። እሱ፦ "ድንጋይ ነሽ።" እኔ፦ "ጥንቸል ነህ።" እሱ፦ "ድንጋይ።" እኔ፦ "ጥንቸል፣ ፈሪ፣ የእናትህ ቀሚስ ጫፍ።" ሴየርሰን ከደስታ ብዛት ባርኔጣውን ረገጠው።

ጁላይ 15

የባቡር ጣቢያው ትዕይንት። በታሪኩ አባቴ ወደ ሩቅ አገር ሲልከኝ ባልደራሱ ሊሰናበተኝ ይሮጣል። እኔ ከፉርጎው መስኮት ጀርባ፣ እሱ ከውጭ ከካሜራው ጎን፤ መስታወቱ ዝግ ነው። እውነተኛ ባቡር፣ እውነተኛ ጭስ፤ ጩኸቱ የራስን ድምፅ አያሰማም።

ሴየርሰን "ባቡሩ ሲነቃነቅ የመጨረሻ ቃልሽን በይው!" ብሎ በእጁ ምልክት ሰጠኝ። አልኩት።

ስድብ ነው ያልኩት። ከሁሉ የከፋውን። እዚህ ደብተር ላይ እንኳ የማይጻፍ ነው።

ካሜራማኑ እንባዬ አምሮ እንደወጣ ነገረኝ። ጭሱ ነው አልኩት።

ጁላይ 16

"ትናንት ከመስታወቱ ጀርባ ምን አልሽኝ?"

"እንደ ወትሮው።"

"እንደ ወትሮው አልመሰለኝም።"

"እንግዲያው ጆሮህን ታጠብ።"

ለምን እንዲህ አልኩት? ለምን እንዲህ እላለሁ? ቆሞ ይጠብቅ ነበር እኮ። እንቅልፍ አጣሁ። ምን አገባኝ! ምን አገባኝ! ይሂድ ወደ ሉዊዛ።

ኦገስት 2

ዛሬ ሁለቱን መጨረሻዎች ሠራን። ለአገራችን ሰው ባልደራሱ በፈረስ ሮጦ ባቡሩን ይደርስበትና ይጋባሉ። ለሩስያ ገበያ ደግሞ አይደርስበትም፤ ሐዲዱ ላይ ይሞታል። ሩስያ ውስጥ ደስ ብሎት ከሲኒማ የሚወጣ ሰው ገንዘቤን ተበላሁ ይላል አሉ።

ጠዋት ሞተ፣ ከሰዓት በኋላ ተጋባን። በሠርጉ ላይ እሱም አልሰደበኝም፣ እኔም አልሰደብኩትም። ሴየርሰን፣ "ዛሬ ምን ነካችሁ? የበጋው ፍቅር የት ሄደ? የተጣላችሁ ትመስላላችሁ!" ብሎ ተቆጣ።

ኦገስት 22

ሥራው አለቀ። ፕሬበን ሻንጣውን ይዞ ሲወጣ በሩ ላይ ተገናኘን።

"ወደ ቤት እየሄድኩ ነው። ሚካኤል አምስት ሳምንት ይቀረዋል" አለ።

"ቀን መቁጠሪያ አለኝ።"

ሻንጣውን ወደ ሌላው እጁ አዛወረ። ሄደ። ምላሴ ነበር የሚቆረጠው።

ሴፕቴምበር 9

የምርቃቱ ቀን። አዳራሹ ጢም ብሏል፣ ፒያኖው ያላዝናል፣ ሴቱ ሁሉ መሐረቡን ይዞ ተዘጋጅቷል። እሱ አልመጣም። ሲግኔ ከማኅበሯ ሰዎች ጋር ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀምጣለች፤ አሥራ ሁለት ናቸው፣ ሁሉም እንደሷ በዓይናቸው የሚሰሙ።

እሱ ተንበርክኮ እጄን ሲይዝ ያ ሦስተኛ ረድፍ በሳቅ ፈነዳ። ሰው ዞሮ ገላመጣቸው። በአትክልቱ ቦታ መሳሳም ላይ አንዱ ሽማግሌ ከወንበሩ ወደቀ። ያኔ ነው የገባኝ። ከንፈራችንን! ቤቴ ውስጥ ከንፈር የምታነብ እህት እያለችኝ በጋውን ሙሉ አንድም ቀን አላሰብኩትም።

የባቡሩ ትዕይንት ሲደርስ ሳቁ ቆመ፤ ከበሩ ውጭ ሆኜ ሰማሁት። ለምን እንደቆመ አላየሁም። ከዚያ በፊት ወጥቼ ነበር።

ሴፕቴምበር 13

ሴየርሰን ሁላችንንም ቢሮው ጠራን። እጁ ላይ ከመስማት የተሳናቸው ማኅበር የመጣ ደብዳቤ አለ። የሲግኔ ጽሑፍ ነው፤ ከሩቅ አውቀዋለሁ።

"ስሙ!" አለ፣ አንገቱ ቀልቶ። "'የተከበሩ ጌታ ሆይ፣ ፊልምዎ አስደስቶናል፤ ነገር ግን ፍቅረኞቹ የሚነጋገሩትን ለእርስዎ ማሳወቅ ግዴታችን ነው። በመጀመሪያው ትዕይንት፦ የጨው ዓሣ ይሸታሉ...'"

አንድ በአንድ አነበበው። ቁም ሳጥኑን፣ ድንጋዩን፣ ጥንቸሉን። ልብስ ሰፊዎቹ ግድግዳ ተደግፈው ሳቁ፤ ካሜራማኑ ዓይኑን ጠረገ። እኔም ልስቅ ምንም አልቀረኝ።

"'በባቡር ጣቢያው ትዕይንት ወይዘሪቷ ከመስታወቱ ጀርባ እንዲህ ትላለች፦ ፕሬበን፣ አትተወኝ። ዓሣ ዓሣ ብሸትም አትተወኝ። በፊልሙ ውስጥ ግን ባልደራሱ ላርስ ነው የሚባለው፤ ፕሬበን የሚባል ሰው የለም። ይህን ብቻ ከስድቡ አልቆጠርነውም።'"

ማንም አልሳቀም። ልብስ ሰፊዎቹ ወለሉን አዩ። ሴየርሰን ራሱ ወረቀቱን ቀስ ብሎ አጠፈና፣ "ግልባጩን ለፕሬበን በፖስታ ልኬለታለሁ፤ እሱም ይፈር" አለ፤ ቁጣው ግን በርዶ ነበር።

የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም።

ሴፕቴምበር 14፣ እሑድ

ከሲግኔ ጋር ተጣላን። እንዲህ ተጣልተን አናውቅም።

"አዋረድሽኝ! የመንደሩ መሳቂያ አደረግሽኝ! ማን ላኪ አለሽ?"

"በቀስታ ተናገሪ፤ ስትጮሂ ከንፈርሽ ይጣመማል፣ አይነበብም" አለች።

"አላልኩም ያንን! ስድብ ነው ያልኩት!"

"ዳግኒ፣ አሥራ ሁለት ሰው ነው ያየሽ። ሦስቱ ሴቶች አለቀሱ። እኔ ድምፅሽን አላውቀውም፤ አፍሽን ግን ከእናታችን ይልቅ አውቀዋለሁ። አንቺ አልነግረው ስትዪ እኛ ነገርነው። አሁን ይመጣል።"

ይመጣል? ምን ሊያደርግ?

ሴፕቴምበር 20

ፖስተኛው አልፎን ሄደ። መጋረጃውን አጠብኩ፤ ቆሽሾ ነበር።

ሴፕቴምበር 23

የለም። እጄን በሎሚ ቀባሁት፤ ለራሴ ነው።

ሴፕቴምበር 25

አራት ቀን ቀረው። ቢመጣ ምን እለዋለሁ? እውነቱን እለዋለሁ። እግዚአብሔር ያውቃል፣ እውነቱን እለዋለሁ። በቃ ጻፍኩት፣ ይኸው። ወድጄዋለሁ። ከዚያ ዓሣ ቀን ጀምሮ፣ ምናልባት ከማንኪያው ጀምሮ። ይምጣና በሩን ሳያንኳኳ እነግረዋለሁ።

ሴፕቴምበር 27

መጣ።

እንደሆነው ልጽፈው። ሲግኔ ጠረጴዛው ላይ መጽሐፍ ትጠርዛለች፤ የአሠሪዋን ሥራ ቤት ይዛ መጥታ ነበር። ደረጃው ላይ የእግር ኮቴ ሰማሁ። በሩን ከፈትኩ። ሴየርሰን የላከለትን ወረቀት ይዟል፣ ብዙ ጊዜ ስለታጠፈ ሊቀደድ ደርሷል። ሲግኔ አየችውና ብድግ አለች፤ ፊቷ በራ።

"ብለሽዋል?" አለኝ። "ይህን ብቻ ንገሪኝ። ብለሽዋል?"

አፌን ከፈትኩ። እውነቱ ምላሴ ጫፍ ላይ ነበር፣ እምላለሁ። እሱ ግን ደስታው አላስቆም አለውና ቀጠለ፦ "ከእናቴ ጋር ተነጋግሬያለሁ። ታች ሠረገላው ውስጥ ናት። ተስማምታለች፣ ዳግኒ! ርስቱም አይነካብንም። አንድ ዓመት አክስቴ ቤት ሥርዓት ትማሪያለሽ፤ እናትሽ ደግሞ ያንን ገበያ ትተዋለች፣ ራቅ ያለ ቦታ ቤት እንሰጣታለን፣ ሰው እንዳያያት..."

"ሰው እንዳያያት" አልኩ።

"እንደሱ ማለቴ አይደለም።"

በመስኮቱ ቁልቁል አየሁ። ነጭ ጓንት የሠረገላውን በር ጠርዝ ይዟል። እናቴ በዚያች ሰዓት ከጋመል ስትራንድ ባዶ ቅርጫቷን ተሸክማ በእግሯ ወደ መንደሯ እየተመለሰች ነው። ደሜ ፈላ። "እናቴን አትንካት" ብለው ይበቃ ነበር። "እወድሃለሁ፣ እናቴ ግን ካለችበት አትነቃነቅም" ብለው ምናልባት ሠረገላውን ያሰናብተው ነበር። አሁን ስጽፈው እንዴት ቀላል ነው!

ያልኩት ይህን ነው፦ "አላልኩም። እህቴ ደንቆሮ ናት። ያላየችውን አየሁ ትላለች፤ ምን ታውቃለች?"

በሠፈራችን ይህን ቃል ሲግኔ ላይ የወረወረ ልጅ ሁለት ጥርሱን ያጣው በእኔ ቡጢ ነው።

ፕሬበን ወረቀቱን አጣጠፈ። ጎንበስ ብሎ እጅ ነሳ። "ይቅርታ ያድርጉልኝ፣ ወይዘሪት" አለ፤ እርስዎ አለኝ። ደረጃውን ሲወርድ ቆጠርኩት፤ ሃያ ሁለት ነው። አልጠራሁትም።

ስዞር ሲግኔ እዚያው ቆማለች። ስናገር ወደ እሷ በእጄ እየጠቆምኩ፣ ፊቴን ወደ ብርሃኑ አዙሬ ነበር። አንዲት ቃል አላመለጣትም።

ኦክቶበር 12

የጋብቻው ማስታወቂያ ጋዜጣ ላይ ወጥቷል። ሉዊዛ መልከ መልካም ናት፤ ጓንት አድርጋለች።

ሴየርሰን አላባረረኝም። የደብዳቤው ወሬ ከተማውን ሞልቶት አዳራሹ በየቀኑ ጢም ይላል፤ ሰው የኛን ከንፈር ሊያነብ ወንበር ይሻማል። ለሚቀጥለው ፊልም ልዕልት ያደርገኛል። እናቴ ደንበኞቿን "የልዕልት እናት ጋ ግዙ!" እያለች ትጣራለች። ማን ሊወስደኝ እንደመጣ አታውቅም፤ ለማን ብዬ እንዳስቀረሁትም አልነገርኳትም። ለእሷ ብዬ እንደሆነም እርግጠኛ አይደለሁም። ምናልባት ለዚያ ነጭ ጓንት ብዬ ነው።

ሲግኔ አልሄደችም፣ አልሰደበችኝም። ዳቦ ትገዛለች፣ ምድጃ ታነዳለች፣ የእኔንም ሳህን ታጥባለች። ብቻ ፊቴን አታይም። ፊት ለፊቷ ስቀመጥ ዓይኗን ሥራዋ ላይ ትተክላለች፤ ትከሻዋን ስነካት ወደ ግድግዳው ትዞራለች።

ዛሬ ይቅርታ ጠየቅኳት። ሁሉንም ነገርኳት፤ እንደወደድኩት፣ እንደዋሸሁ፣ ያ ቃል ከአፌ ሲወጣ እኔም እንደሰማሁት። ሾርባው እስኪቀዘቅዝ ተናገርኩ። ጀርባዋን ሰጥታኝ መጽሐፏን ትሰፋ ነበር።